ባይኔ በብረቱ

አርባ ሦስት ዓመት ሙሉ፣ ዓለምን ሳያት ኖሬ፣
ጠርዝ የሌላት መስላኝ ነበር፣ እንደ ጉም፣ እንደ ወሬ።
ዛፍ ማለት አረንጓዴ ጭስ፣ ግንድ ላይ የተቀመጠ፤
መብራት ማለት የብርሃን ዳቦ፣ ውሃ ነክቶት ያበጠ።
ሰው ማለት አረማመድ ነው፣ ሳል ነው፣ የካፖርት ቀለም፤
ፊት የሚባለው ነገር፣ ሲቀርቡት እንጂ፣ የለም።
ሁሉም እንዲህ የሚያይ መስሎኝ፣ ለማንም ትንፍሽ ሳልል፤
በሌላ ሰው ዓይን ገብቶ፣ ማን አይቶ ማን ያስተያያል?

ከሆስፒታሉ ምድር ቤት፣ አንሶላ ከማጥፍበት፣
የሦስተኛ ፎቁን ጋሪ፣ ስምንት ነው ብዬ ላክሁት።
አለቃዬ ዶሪን መጣች፤ አልተቆጣችም፤ ቆማ
«ዓይንሽን ታዪ» አለችኝ፣ በሹክሹክታ፣ ሰው እንዳይሰማ።

ሳርጀንት ጎዳና፣ ዊኒፔግ፣ ጫማ ሰፊው ቤት አጠገብ፣
አገጬን ብረት ላይ አስደግፌ፣ ፊደል ከጨለማ ሳነብ፣
«የቱ ይሻላል? አንድ? ሁለት?» ትላለች ሮዌና፣ ስትቀያይር፤
ፈተና የወደቅሁ መስሎኝ፣ ልቤ ድው ድው ይል ነበር።
«ስህተት የለውም» አለችኝ፣ «ያየሽውን ነው የምትነግሪኝ።»
እስከዚያች ቀን ምን እንዳየሁ፣ ማንም አልነበረም የጠየቀኝ።

ከዚያማ
ቅጠሉ አንድ አንድ ነበረ! ለየብቻው! በየአንገቱ!
ጎረቤቱን ሳያማክር፣ የየራሱ ነው ውዝዋዜው፣ ምቱ።
በጡብና በጡብ መሃል ሲሚንቶ፤ ሽቦ ላይ ወፍ፤ የወፍ እግር።
በድምፁ ብቻ የማውቀው አውቶቡስ፣ ግንባሩ ላይ ለካ ቁጥር!
የደረጃው ጫፍ ስለት ሆነ፤ አስፋልቱ ቀርቦ መጣ፤
አንዴ ቀና፣ አንዴ ጎንበስ፣ አረማመዴ ቅጥ አጣ።
ቤቴ ስገባ አቧራው፣ ከየጥጉ ተነሥቶ ተቀበለኝ፤
መስታወት ውስጥ አንዲት ሴት፣ ሽበቷን ይዛ ጠበቀችኝ።

ልነግራችሁ የጀመርሁት ግን ይህን አልነበረም።

ስድስት ዓመት፣ ጎህ ሲቀድ፣ አውቶቡስ ከምጠብቅበት፣
ከማዶ፣ ሁለተኛ ፎቅ፣ መስኮት ላይ ለምትቆም ሴት፣
እጄን አነሣ ነበር፣ ብርድም ሆነ ሙቀት።
ሐምራዊ ነው የምትለብሰው። ዝም ብላ ነው የምታየኝ።
ያገሯ ወግ ይሆናል ብዬ፣ ዝምታዋ አይከፋኝ።
ልጄ ትንግርት ፈተና ስታልፍ፣ አውራ ጣቴን አሳይቻታለሁ፤
አባቷ ጥሎን የሄደ ለታ፣ ፊቷ ቆሜ አልቅሻለሁ።

ሰኞ ዕለት፣ ባይኔ በብረቱ (እውነትም ብረት ነው ክፈፉ)
ቀና አልሁ። ካፖርት ነው። የተሰቀለ። ከነአቧራው፣ ከነእጥፉ።
ራስ ያልሁት ራስ አይደለም፤ የመብራት ክዳን ነው ኖሮ።
ለካ ሰው ከካፖርት ጋር፣ ይኖራል እንዲህ ተፋቅሮ!
ሳቅሁ። ሳቄ አፌ ላይ ደረቀ።
አንድ ወዳጅ ሞተብኝ፤
ማን ለቅሶ ይደርሰኛል? ማንስ «እግዜር ያጥናሽ» ይበለኝ?

አሁን ብርዱ ገብቷል፣ ከዜሮ በታች ሠላሳ።
ከውጭ ወደ ሙቀት ስዘልቅ፣ መነጽሬ ጉም ይለብሳል፤
ለግማሽ ደቂቃ ያህል፣ ድሮዬ ይመለሳል፤
ዶሪን ሳል ትሆናለች፤ ጋሪው የነጭ ክምር ይመስላል።
ሌላው ፈጥኖ ይጠርጋል። እኔ ዝም ብዬ እቆማለሁ።
ጠዋት ጠዋትም ከማዶ፣ መነጽሬን አወልቅና፣ እጄን አነሣላታለሁ።

ትናንት ግን ሳላወልቀው፣ ካፖርቱ ተንቀሳቀሰ፤
አንድ ሽማግሌ፣ ጥርሱን እየፋቀ፣ መስኮቱ ጋ ደረሰ።
እጁን አነሣ። ለእኔ ነው? ወይስ መጋረጃ ሊስብ?
ስንት ዓመት ከኋላው ቆሟል? ይህንን ይህንን የሚያነብ
መስታወት ሮዌናም የላት።
እኔም አነሣሁ፤ ለካፖርቱ ይሁን ለሰውዬው፣ ሳልለይ፤
አውቶቡሱ መጣ። አሥራ አምስት ቁጥር ነው። ከሩቅ ነበር የሚታይ።